ኒሷቡና መምህሩ፦ የመካከለኛው ኑሮ ጉዳይ ከሰቆጣ ሲታይ

ሰቆጣ ውስጥ የሚያስተምር አንድ ሙስሊም መምህር አለ እንበል። ከደመወዙ ቆንጥሮ፣ እቁብ ጥሎ፣ አባቱ ካወረሱት የቤት ድርሻ ሽያጭ ጋር ደምሮ በሰኔ 2016 ላይ 400 ሺህ ብር በእጁ ነበረው። ቤት ሊሠራበት ያስቀመጠው ነው። ዓመት ሞልቶታልና ዘካ ነበረበት? በወርቅ ከተሰላ አዎ፣ ነበረበት። አሁንስ? ብሩ አልተነካም፤ እንዲያውም ጨምሮበት 500 ሺህ አድርሶታል። በወርቅ ከተሰላ ግን ዘካ የለበትም። ብሩ ጨምሮ ሳለ ሰውየው ከዘካ ሰጪዎች መዝገብ ወጥቷል።

ሒሳቡን እንየው። የወርቅ ኒሷብ 20 ሚስቃል፣ በዛሬ ሚዛን 85 ግራም ነው። በ2012 መስከረም አንድ አውንስ ወርቅ በዓለም ገበያ 1,500 ዶላር ገደማ፣ ዶላር በባንክ 29 ብር አካባቢ ነበር። ኒሷቡ በብር ሲሰላ ወደ 120 ሺህ ይመጣል። በሐምሌ 2016 መጀመሪያ ወርቁ 2,400 ዶላር ገደማ፣ ዶላሩ 57 ብር ከምናምን ነበር፤ ኒሷቡ ወደ 375 ሺህ ብር ወጣ። በ2018 ጥቅምት ወርቁ 4,000 ዶላር አካባቢ ደረሰ፤ ዶላሩን ዝቅ አድርገን በ140 ብር እንኳ ብናሰላው 85 ግራም ወርቅ ከ1 ሚሊዮን 500 ሺህ ብር በላይ ነው። ይህን ያህል ብር ያለው መምህር በሰቆጣ ቀርቶ በአዲስ አበባም ማግኘት ከባድ ነው።

ከሰቆጣ ወደ ተከዜ ወረድ ብለን ደግሞ አበርገሌን እንመልከት። የአበርገሌ ፍየል ስሙ በአገሩ የታወቀ ነው። የፍየል ኒሷብ 40 ነው። በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ዘመን 40 ነበር፣ በደርግ ዘመን 40 ነበር፣ ዛሬም 40 ነው። የብሔራዊ ባንክ መግለጫ አይነካውም። ሁለት ሰዎች አሉ፤ አንዱ ሀብቱን በፍየል፣ አንዱ በወረቀት ብር ይዟል። በአንድ ዓመት ከመንፈቅ ውስጥ ባለፍየሉ ባለበት ሲቆም ባለብሩ ወረደ።

በመካከል ምን ተፈጠረ? የተፈጠረው ነገር ስም አለው። ኢሕአዴግ በሥልጣን ላይ ሳለ ቴሌቪዥን የሚከታተል ሰው «ኒዮ ሊበራሊዝም» የሚለውን ቃል እንደ ስድብ ሲነገር ሰምቶታል። አቶ መለስ ዜናዊ «ልማታዊ መንግሥት» ያሉትን መንገድ የሚያቆሙት ከእርሱ ተቃራኒ አድርገው ነበር። ቃሉ ከስድብነቱ ወርዶ ሲታይ ትርጉሙ ቀላል ነው፦ ዋጋን መንግሥት አይወስን፣ ገበያ ይወስን፤ ድጎማ ይነሳ፤ የመንግሥት ድርጅት ይሸጥ ወይም ተወዳዳሪ ይምጣበት፤ የውጭ ካፒታል ይግባ፤ መንግሥት ወጪውን በብድር ሳይሆን በግብር ይሸፍን። ኢሕአዴግም ቢሆን ሲሳደብ ቆይቶ የብርን ዋጋ ከመቀነስ አልታቀበም። በደርግ ዘመን 2 ብር ከ07 ሳንቲም የነበረው ዶላር በ1985 መስከረም ላይ በአንድ ቀን 5 ብር ገባ፤ በ2002 መጨረሻና በ2010 መጀመሪያም ሌሎች ትልልቅ ቅነሳዎች ተደርገዋል። ያኔ የሚወስነው ግን መንግሥት ነበር።

በ2012 መጀመሪያ «አገር በቀል የኢኮኖሚ ማሻሻያ» የሚባለው ዕቅድ ይፋ ከሆነ በኋላ ነገሩ ተራ በተራ መጣ። ሳፋሪኮም በ2015 መጀመሪያ ሥራ ጀመረ። የነዳጅ ድጎማ ከሐምሌ 2014 ጀምሮ በየደረጃው እየተነሳ ሄደ፤ ያኔ ቤንዚን ከ37 ብር ገደማ ወደ 48 ብር ገደማ ወጣ፣ በ2017 ታኅሣሥ መጨረሻ ከ101 ብር አለፈ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ደግሞ ብሔራዊ ባንክ የምንዛሪ ተመኑን ለገበያ ለቀቀው። በዚያው ቀን የዓለም የገንዘብ ድርጅት (አይ ኤም ኤፍ) 3.4 ቢሊዮን ዶላር ገደማ የአራት ዓመት ብድር አጸደቀ፤ በማግስቱ የዓለም ባንክ 1.5 ቢሊዮን ጨመረ። ዶላር በመጀመሪያው ቀን ከ57 ወደ 75 ብር አካባቢ ዘለለ፤ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ መቶን አለፈ።

ለመንግሥት የሚቆም ክርክር እንዳለ መካድ ፍትሐዊ አይደለም። 57 ብር የሚባለው ዋጋ በወረቀት ላይ ያለ ዋጋ ነበር። በጥቁር ገበያ ዶላር ከመቶ ብር በላይ ሲሸጥ ኖሯል፤ ሱቅ ውስጥ የሚገባው ዕቃም ብዙው በዚያ ዋጋ ተሰልቶ ነው የሚገባው። በ57 ብር ዶላር የሚያገኘው ዘመድ ያለው ወይም ባንክ የሚያውቀው ነበር፤ ያንን አምጥቶ በመቶ ዋጋ የሸጠው ሰው ያተረፈው ከሕዝብ ነው። ይህ በር ተዘግቷል ቢሉ እውነት አላቸው። ጥያቄው ዋጋው እውነተኛ ሲሆን ልዩነቱን የከፈለው ማን ነው የሚለው ነው።

እዚህ ላይ ወደ ደመወዝ መዝገቡ እንመለስ፤ ቁጥሩ ራሱ ይናገራልና። በ2017 መጀመሪያ መንግሥት ለሠራተኞቹ ደመወዝ ሲጨምር ዝቅተኛው ከ1,100 ብር ወደ 4,760 ገባ። ከፍተኛው ግን ከ20,468 ወደ 21,492 ብቻ ነው የሄደው፤ አምስት በመቶ። በዶላር ሲታይ የታችኛው ከ19 ዶላር ወደ 40 ከፍ አለ፣ የላይኛው ከ350 ዶላር በላይ የነበረው ወደ 180 ገደማ ወረደ። በ2018 መስከረም እንደገና ተጨመረ፦ ዝቅተኛው 6,000፣ በመጀመሪያ ዲግሪ ጀማሪው ከ6,940 ወደ 11,500፣ ከፍተኛው 39,000። የላይኛው በዶላር 280 እንኳ አይሞላም፤ ገና ወደ ነበረበት አልተመለሰም። ጥበቃውና ጽዳት ሠራተኛዋ ተነስተዋል፣ እሰየው። ከእነርሱ በላይ ያለው፣ ተምሮ እርከን በእርከን የወጣው ሰው ነው መሰላሉ ከሥሩ ያጠረበት።

«መምህሩ በዶላር አይገበይ፣ ዶላሩ ምን አገባው?» የሚል ይኖራል። ዘይቱ ከውጭ ነው የሚመጣው። ስኳሩ፣ መድኃኒቱ፣ ስልኩ፣ የልጁ ደብተር ወረቀት፣ የገበሬው ማዳበሪያ፣ ዕቃውን ወደ ሰቆጣ የሚያወጣው የጭነት መኪና ነዳጅና ጎማ ሁሉ ከውጭ ነው። ሰቆጣ የመንገዱ ጫፍ ላይ ናት፤ የነዳጅ ጭማሪ አዲስ አበባ ላይ አንድ ጊዜ ሲቆጠር እዚያ በየኪሎ ሜትሩ ይቆጠራል። ዋግ ኽምራ በአብዛኛው እህል ሸምቶ የሚበላ አገር ነውና እህሉም ራሱ በመኪና ይመጣለታል።

ብዙ ሰው ያላስተዋለው ሌላው ነገር ግብሩ ነው። በ2008 በወጣው የገቢ ግብር አዋጅ 35 በመቶ የሚከፍለው በወር ከ10,900 ብር በላይ የሚያገኘው ነበር። ያኔ ዶላር 22 ብር ገደማ ስለነበር ያ ሰው የ500 ዶላር ደመወዝተኛ ነው፤ በአገራችን ሚዛን ሀብታም። በሐምሌ 2017 አዋጁ ተሻሻለ፤ ከግብር ነጻ የሚሆነው ከ600 ብር ወደ 2,000 ከፍ አለ፣ 35 በመቶው ደግሞ ከ14,000 ብር በላይ ባለው ላይ ሆነ። 14,000 ብር ያኔ 100 ዶላር ገደማ ነበር። በሌላ አነጋገር ለሀብታም የተሰፋው የግብር ልክ ዛሬ ትንሽ አገልግሎት ባለው መምህርና ነርስ ላይ ይገጥማል። አዋጅ ሳይወጣ፣ ድምፅ ሳይሰጥበት፣ የብር መውረድ ብቻውን መደቡን ለውጦ አስቀመጠው።

ነጋዴውስ? ብዙ ሙስሊም ወንድሞቻችን ከደመወዝ ይልቅ በሱቅ ነው የሚተዳደሩት፤ የትናንሽ ከተማ ባለሱቅ ደግሞ ከመምህሩ ጎን የሚሰለፍ መካከለኛ ሰው ነው። ዕቃ ያለው ሰው ዋጋ ሲንር የሚያተርፍ ይመስላል። መቶ ካርቶን ዘይት የነበረው ሰው ሸጦ ሲጨርስ በእጁ የገባው ብር ከልማዱ የበዛ ነው፤ ይዞት ወልድያ ወይም ኮምቦልቻ ሲወርድ ግን ሰባ ካርቶን ላይሞላለት ይችላል። የተረፈው መስሎት የበላው ካፒታሉን ነው። ዋጋውን አስቀድሞ ቢጨምር ደግሞ «አርቲፊሻል የዋጋ ንረት» ይባላል፤ በ2016 ነሐሴ በብዙ ከተሞች ሱቆች የታሸጉት በዚህ ነበር። ገበያ ዋጋውን ይወስን በተባለ ማግስት ገበያተኛው ሱቁ ታሸገበት። ይህን ሳይ አንዳንዴ ያስቀኛል፣ ባለሱቁን ግን አያስቀውም።

ያተረፈውስ ማን ነው? ዶላር ወይም ወርቅ የነበረው፣ በከተማ ቦታ የነበረው፣ ውጭ አገር ልጅ ያለው። ከሁሉም በላይ ግን ቀድሞ በብር የተበደረው። ኦፊሴሉ የዋጋ ግሽበት በ2014 ከ30 በመቶ በላይ ነበር፤ ባንክ ለቁጠባ የሚከፍለው ዝቅተኛ ወለድ ከ2010 ጀምሮ 7 በመቶ ነው። በእንዲህ ያለ ዘመን ተበድሮ ሕንፃ የሠራ ሰው ዕዳው እየቀለለ ሕንፃው እየከበደ ይሄዳል። ከሪባ የራቀ ሙስሊም ደግሞ በሁለቱም በኩል ነው የቀረው፦ ለቁጠባው ወለድ አልወሰደም፣ ለንብረት ብድር አልተበደረም። ከወለድ ነጻ አገልግሎት በመደበኛ ባንኮች መስኮት እንዲሰጥ የተፈቀደው በ2004 ነው፤ ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነጻ የሆነው የመጀመሪያው ባንክ ዘምዘም በ2013 ሰኔ በሩን ከፈተ፣ ሂጅራና ራሚስ ተከተሉ። እስከዚያ ድረስ ለአሥርት ዓመታት የሙስሊሙ ቁጠባ ያለ ወለድ ተቀምጦ የሌላ ሰው ብድር ሆኖ ሲያገለግል ነው የኖረው። ይህን የምለው በመራቃቸው እንዲጸጸቱ አይደለም። የሙስሊሙ መካከለኛ መደብ ከጎረቤቱ የተለየ ቁስል እንዳለው እንዲታወቅ ነው። ባንኮቹ ተከፍተውም ሙራበሓው ዋስትና ያለውን ይፈልጋል፤ ዋስትናው ደግሞ ቤት ወይም ቦታ ነው፤ ቤት ያልሠራው መምህር እዚያው ይቀራል።

ዋግ ኽምራን ለዚህ ጽሑፍ የመረጥኩት ሙስሊሙ በዚያ ስለሚበዛ አይደለም፤ እንዲያውም ቁጥሩ በጣም ጥቂት ነው። የመረጥኩት የመካከለኛው ሰው ብቸኝነት እዚያ ጎልቶ ስለሚታይ ነው። ዋግ ለረጅም ዓመታት የረድኤት አገር ነው። በ1977ቱ ረሀብ ሰቆጣም ኮረምም ምን እንዳዩ የማያውቅ የለም። ከ1997 ጀምሮ ሴፍቲኔት አለ፤ ድሃው ገበሬ እርከን ሠርቶ፣ አቅም የሌለው ደግሞ ሳይሠራ እህል ወይም ጥሬ ገንዘብ ያገኛል። በ2007 መንግሥት ከሁለት ዓመት በታች ያሉ ሕፃናትን መቀንጨር እ.ኤ.አ. በ2030 ለማጥፋት ሲምል ቃል ኪዳኑን «የሰቆጣ ቃል ኪዳን» ብሎ በዚህች ከተማ ስም ነው የሰየመው። የአይ ኤም ኤፍ ፕሮግራምም ለሴፍቲኔት የሚመደበው ገንዘብ እንዳይነካ የሚል ሐሳብ አለበት። ይህ ሁሉ ጥሩ ነው። አሠራሩን ግን ልብ በሉ፦ ድጎማ ከሁሉም ይነሳል፣ እርዳታ ለድሃው ብቻ ይሰጣል። ከላይ ያለው ሰው የሚደገፍበት ንብረት አለው፣ ከታች ያለው የሴፍቲኔት ዝርዝር አለው። መምህሩ በዝርዝሩ ላይ የለም፤ ደመወዝተኛ ነዋ! ዝርዝሩን የሚያዘጋጀው እንዲያውም የእርሱ ጓደኛ፣ የወረዳው ግብርና ሠራተኛ ነው፤ እርሱም የለበትም።

ሁሉን ነገር በኢኮኖሚ ፖሊሲ ላይ መጫን ደግሞ ስሕተት ነው። ሰቆጣ በ2013 መጨረሻ በሕወሓት ኃይሎች ተይዛ እስከ 2014 ታኅሣሥ ድረስ በእጃቸው ቆይታለች፤ ሆስፒታሉና ጤና ጣቢያዎች ተዘርፈዋል፣ ከአበርገሌና ከጻግብጂ የተፈናቀለው ሕዝብ በሰቆጣ ዙሪያ ሰፍሮ ዓመታት ቆጥሯል። ከዚያ በ2015 ክረምት ዝናቡ ቀረ፤ አበርገሌ፣ ጻግብጂና ሰሃላ ላይ ከብትና ፍየል አለቀ። ከላይ «ባለፍየሉ ባለበት ቆመ» ያልኩት ለዚህ ነው በግማሽ ልብ የምናገረው። ፍየል ከብር መውረድ ያድናል፣ ከድርቅ አያድንም። ዑመር (ረ.ዐ) በ«ዓሙ ረማዳ» የድርቅ ዓመት የከብት ዘካን መሰብሰብ ያዘገዩት ይህንን ስላወቁ ነው። ከነሐሴ 2015 ወዲህ ደግሞ በክልሉ ያለው ጦርነት መንገዱን ይዘጋል ይከፍታል። በእንዲህ ያለ ቦታ ላይ ነው የምንዛሪው ለውጥ የመጣው።

ይህ ነገር በዱንያ ላይ አዲስ አለመሆኑን ከራሳችን ቅርስ ማየት ይቻላል። የግብፁ የታሪክ ሊቅ አል-መቅሪዚ የካይሮ ሙሕተሲብ፣ ማለትም የገበያ ተቆጣጣሪ፣ ሆነው ሠርተዋል። በ808 ሂጅራ «ኢጋሰቱል ኡማ» የተባለውን ኪታባቸውን ሲጽፉ ምስሯ በረሀብና በዋጋ ንረት ተመትታ ነበር። ምክንያቱን ሦስት አድርገው አስቀመጡት፦ ሹመት በጉቦ መሸጡ፣ የመሬት ኪራይ መናሩና ከወርቅና ከብር ይልቅ የመዳብ ሳንቲም መብዛቱ። ከዚያ ሕዝቡን በመደብ ከፍለው ማን እንደተጎዳ መረመሩ። ክፉኛ ከተጎዱት መካከል ያስቀመጧቸው ቋሚ አበል የሚቆረጥላቸውን ፉቀሃዎች፣ ደረሳዎችና ወታደሮች ነው፤ የቀን ሠራተኛው ከሞት ከተረፈ ዋጋው ከገበያው ጋር ጨምሮለት ነበር። ስድስት መቶ ዓመት አልፎታል፤ ደመወዝ ገበያውን ለመከተል ዛሬም አዋጅ ይጠብቃል።

ሰቆጣም ብትሆን የገንዘብን ነገር የምታውቅ ከተማ ናት። ከአፋር በግመል የሚወጣው አሞሌ ጨው በሰሜኑ አገር ገንዘብ ሆኖ ሲያገለግል ሰቆጣ ትልቅ የጨው ገበያ ነበረች። የሩቁ ንግድ ደግሞ በአመዛኙ በሙስሊም ነጋዴዎች እጅ ነበር። አሞሌው ከምንጩ በራቀ ቁጥር ዋጋው ይጨምራል፤ በሰቆጣ ለአንድ ነገር ብዙ አሞሌ የሚቆጠረው ወደ ደቡብ ሲወረድ በጥቂት ይገዛል። ነጋዴው ይህንን አውቆ ነው የሚጓዘው። ተመኑ ቢለዋወጥም አሞሌው ቢያንስ ወጥ ውስጥ ይገባ ነበር።

ወደ ዘካው ልመለስና ላብቃ። የብርስ ኒሷብ? 200 ዲርሃም፣ ማለትም 595 ግራም ብር (ማዕድኑን ማለቴ ነው) በ2018 ጥቅምት ዋጋ ከ120 ሺህ ብር ብዙም አይርቅም። በወርቅ ደግሞ ከ1 ሚሊዮን 500 ሺህ በላይ። በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ዘመን 20 ዲናርና 200 ዲርሃም አንድ ዋጋ ነበሩ፤ በ2018 ጥቅምት በመካከላቸው ከአሥር እጥፍ በላይ ርቀት ነበር። መካከለኛ ገቢ የምንለው ሰው፣ መምህሩ፣ ነርሷ፣ ባለሱቁ፣ የሚኖረው በዚህ ክፍተት ውስጥ ነው። በብር ማዕድን ከሄድን ዘካ ይሰጣል፣ በወርቅ ከሄድን አይሰጥም፤ ብዙ ኡለማዎች ለድሃው ይጠቅማል በማለት የሚመርጡት የብሩን ነው። ይህን ምርጫ እኔ አልወስንም፤ በየአካባቢው ያሉ ኡለማዎች የሚጠየቁት ነው።

ተቀባይን በሚመለከት ግን ኪታቦቹ ውስጥ የታወቀ ነገር አለ። በሱረቱል ካህፍ ሙሳ (ዐ.ሰ) የተሳፈሩባት ታንኳ ባለቤቶች «መሳኪን» ተብለው ተጠርተዋል። ሥራ ነበራቸው፤ ታንኳም ነበራቸው። የፊቅህ ሊቃውንት ከዚህ ተነስተው ንብረትና ሥራ ያለው ሰው ገቢው ለቤተሰቡ ካልበቃ ሚስኪን ሊሆን ይችላል ይላሉ። የዘካ ኮሚቴዎቻችን ቅጽ ግን በብዛት የሚጀምረው «ሥራ አለህ?» በሚል ጥያቄ ነው፤ መምህሩ «አዎ» ብሎ ሲመልስ ቅጹ እዚያው ይዘጋል።